ማርሊን ብሪስኮን ከኳርተርባክነት ያስነሳው የብቃት ጉድለት አልነበረም

የክሩ መክፈቻ

አቋሜን አስቀድሜ ላስቀምጥ። የአሜሪካ ፉትቦል ቡድኑ ዴንቨር ብሮንኮስ እ.ኤ.አ. በ1969 ማርሊን ብሪስኮን ከኳርተርባክነት፣ ማለትም ኳስ ወርውሮ ቡድኑን ከሚመራበት ቦታ፣ ሲያነሳው ምክንያቱ የቆዳው ቀለም ነበር ብዬ አምናለሁ። ማስረጃዬ ያው አንድ የውድድር ዓመት ነው።

ብሪስኮ በ1945 ኦክላንድ፣ ካሊፎርኒያ ተወለደ። ያደገው ግን በነብራስካ ግዛት፣ የስጋ ማቀነባበሪያ ፋብሪካዎች በሞሉበት በደቡብ ኦማሃ ነው። በኦማሃ ዩኒቨርሲቲ አሰልጣኙ አል ካኒግሊያ ኳርተርባክነቱን ያለ ማመንታት ሰጡት፤ ከማምለጥ ችሎታው የተነሳም አስማተኛው የሚል ቅጽል ወጣለት። በ1968 ዴንቨር በተጫዋቾች ምልመላ በ14ኛው ዙር፣ በ357ኛ ተራ ሲመርጠው ግን ያሰበው ለተከላካይነት ነበር። ወጣቱ ወኪል አልነበረውም፤ ውሉን ራሱ ተደራደረ። በድርድሩም ለሦስት ቀን በኳርተርባክነት እንዲፈትኑት የሚል ቃል አስገባ። ፈተናውን ተፈተነ፤ ከዚያም እንደ ታሰበው ወደ ተከላካዮቹ ተላከ።

ዋናው ኳርተርባክ ስቲቭ ቴንሲ ሲጎዳና ተተኪዎቹ ሳይሳካላቸው ሲቀር አሰልጣኝ ሉ ሴባን በሴፕቴምበር ማብቂያ ላይ ከቦስተን ፓትሪየትስ ጋር በተደረገው ጨዋታ የመጨረሻ ሩብ ብሪስኮን አስገቡት። የመጀመሪያ ውርወራው 22 ያርድ ተጉዞ ኤሪክ ክራብትሪ እጅ ገባ። ቀጥሎ ቡድኑን 80 ያርድ ይዞ ሄዶ የመጨረሻውን 12 ያርድ ራሱ ሮጦ አስቆጠረ። ዴንቨር 20 ለ 17 ተሸነፈ፤ በሳምንቱ ግን፣ በኦክቶበር 6፣ ከሲንሲናቲ ጋር ብሪስኮ በቋሚነት ተሰለፈ። በዓመቱ መጨረሻ 14 የተችዳውን ውርወራዎች፣ ማለትም ኳሷ በተቃራኒው የመጨረሻ ክልል ደርሳ ነጥብ ያስቆጠሩ ውርወራዎች፣ ነበሩት፤ በአምስት ጨዋታ ብቻ ቋሚ ለነበረ ጀማሪ ትልቅ ነገር ነው። በሚቀጥለው ዓመት ግን ለቦታው እንኳን እንዲወዳደር አልተፈቀደለትም። ይህን በሌላ መንገድ የሚያስረዳኝ ካለ ልስማ።

መልሶቹ ብዙ ሆነዋል። ክሩን ዘግይታችሁ የምትከፍቱ እንዳትቸገሩ የእያንዳንዱን ፍሬ ነገር በራሴ አገላለጽ በተራ አስቀምጣለሁ፤ አስተያየቴንም እግረ መንገዴን እጨምራለሁ።

1ኛ መልስ

ከኮሎራዶ፣ አውሮራ የጻፉ አንድ አባት በትህትና አመስግነው ጀመሩ። ከዴንቨር ጎን ለብዙ ዓመታት ኖረው፣ ልጆቻቸው በየእሑዱ ብርቱካናማውን የብሮንኮስ ማልያ እየለበሱ አድገው፣ ይህን ስም ሰምተውት እንደማያውቁ ነገሩን። ቀጥለውም በእግር ኳስ ያደግን ሰዎች ሁሉ የምንጠይቀውን ጠየቁ፤ ኳርተርባክ ማለት በትክክል ምን የሚሠራ ተጫዋች ነው?

2ኛ መልስ

ልጇ በሁለተኛ ደረጃ ትምህርት ቤት ቡድን ውስጥ የሚጫወት እናት መለሰችላቸው፤ ከእርሷ የተሻለ ማብራሪያ በአማርኛ አላነበብኩም። ጨዋታው በአጫጭር ሙከራዎች የተከፋፈለ ነው። ከእያንዳንዱ ሙከራ በፊት ሁሉም ተጫዋች የት እንደሚሮጥ ይወሰናል፤ ያንን ውሳኔ ለጓደኞቹ የሚያስተላልፈው ኳርተርባኩ ነው። ኳሷ እጁ ከገባች በኋላ ያለው ጊዜ ጥቂት ሰከንድ ነው። በዚያች ቅጽበት የተቃራኒውን አሰላለፍ አንብቦ ይወረውራል፣ ለሯጭ ያቀብላል ወይም ራሱ ይሮጣል። ሌሎቹ ተጫዋቾች ስለ ጉልበታቸውና ስለ ፍጥነታቸው ሲመሰገኑ እርሱ የሚመሰገነው ስለ አእምሮውና ስለ መሪነቱ ነው።

ከዚያ ነገሩን ከርእሳችን ጋር አገናኘችው። በዚያ ዘመን ጥቁር ተጫዋች ሯጭ፣ ተቀባይ ወይም ተከላካይ እንዲሆን ይፈለግ ነበር። ማሰብና ማዘዝ ግን የነጮች ሥራ ተደርጎ ይቆጠር ነበር። ኮሌጅ ውስጥ ኳርተርባክ የነበሩ ብዙ ጥቁር ልጆች ወደ ሙያው ሲገቡ ቦታቸውን የቀየሩት በዚህ ምክንያት ነው።

3ኛና 4ኛ መልስ

ሦስተኛው ጸሐፊ በደስታ ተሞልቶ ብሪስኮ በአሜሪካ የሙያ ውድድር ኳርተርባክ ሆኖ የተጫወተ የመጀመሪያው ጥቁር ሰው ነው ብሎ ደመደመ። አራተኛው ወዲያው አረመው፤ እርማቱም ትክክል ነው። ፍሪትዝ ፖላርድ በ1920ዎቹ ተጫውቷል። ዊሊ ትሮወር በኦክቶበር 18 ቀን 1953 ለቺካጎ ቤርስ ገብቶ ወርውሯል፤ ስምንት ጊዜ ወርውሮ ሦስቱ ተይዘውለታል። ብሪስኮን የተለየ የሚያደርገው በዘመናዊው ውድድር፣ በአሜሪካን ፉትቦል ሊግ፣ በቋሚነት የተሰለፈ የመጀመሪያው ጥቁር ኳርተርባክ መሆኑ ነው። ይህ ሊግ በ1970 ከትልቁ ብሔራዊ ሊግ ጋር ተዋሕዷል።

እዚህ ላይ አንድ ነገር ልጨምር። ትሮወር ከዚያ ቀን በኋላ በብሔራዊ ሊጉ ይህን ያህል ዕድል አላገኘም። ቀዳሚነት ላይ ስንከራከር የሚረሳው ይህ ነው፤ በሩ ለአንድ ሰው ለአንድ ቀን ገርበብ ይልና ከ1953 እስከ 1968 ተመልሶ ይዘጋል።

5ኛ መልስ

ክሩ መሞቅ የጀመረው እዚህ ነው። አንድ የሂሳብ ባለሙያ ቁጥሮቹን ደረደረብን። ብሪስኮ በ1968 ከወረወራቸው 224 ኳሶች የተያዙለት 93 ብቻ ናቸው፤ ይህም ከመቶ 41.5 ነው። 13 ጊዜ በተቃራኒ ቡድን ተጠልፎበታል። ዴንቨር ዓመቱን በአምስት ድልና በዘጠኝ ሽንፈት ጨርሷል። ስለዚህ አሰልጣኝ ሌላ ሰው ቢፈልግ የሚወቀስበት ምክንያት የለም፤ ሁሉን ነገር ከቀለም ጋር ማያያዝ ታሪክን ማድከም ነው አለ። አነጋገሩ ጨዋ ነበር፤ ቁጥሮቹም ትክክል ናቸው።

6ኛ መልስ

አራተኛው ጸሐፊ ተመልሶ መጣ፤ በዚህ ጊዜ ድምፁ ጠንከር ብሏል። በዚያው ዓመት፣ በዚያው ሊግ የተጫወተውን ኳርተርባክ ጆ ኔመትን አነሳ። ኔመት ከ380 ውርወራ የተያዙለት 187 ናቸው፤ ግማሽ እንኳን አይሞሉም። የተጠለፉበት 17፣ የተችዳውን ውርወራዎቹ 15 ናቸው። በዚያው የውድድር ዓመት የዋንጫውን ፍጻሜ፣ ሱፐር ቦውልን፣ አሸነፈ። ብሪስኮ ከእርሱ በ156 ያነሰ ወርውሮ 14 ተችዳውን አስመዝግቧል። ከዚህም በላይ 308 ያርድ በእግሩ ሮጧል፤ ሦስት ጊዜም ራሱ አስቆጥሯል። የ1968ን ጨዋታ በዛሬ ሚዛን ማየት ተገቢ አይደለም፤ በዚያ ዘመን ኳርተርባክ ሩቅ ይወረውራል፣ ብዙም ይስታል። የብሪስኮ ኳሶች ሲያዙ በአማካይ 17 ያርድ ያስገኙ ነበር።

7ኛ መልስ

የሂሳብ ባለሙያው አልተቀመጠም። ቁጥር የምትመርጥ ከሆነ ሁሉንም አምጣ ብሎ አራተኛውን ወቀሰ። ኔመት በአንድ ውርወራ ያስገኘው አማካይ ከ8 ያርድ በላይ ሲሆን የብሪስኮ 7 አካባቢ ነው። ይህ ትልቅ ልዩነት ነው፤ አለማንሳትም አንባቢን ማሳሳት ነው አለ። ሁለቱ ለጥቂት ጊዜ ቃላት ተወራወሩ፤ ከመካከላቸው ማን ጨዋታውን በትክክል እንደሚያውቅ እስከ መጠያየቅ ደረሱ። ያንን ክፍል አልተርከውም፤ ለማንም አልጠቀመም።

8ኛ መልስ

እኔ ገባሁበት። ክርክሩ ብሪስኮ ከኔመት ይሻላል ወይስ አይሻልም የሚል እንዳልሆነ አስታወስኩ። ማንም ጀማሪ የቋሚነት ቦታው ለዕድሜ ልክ እንዲሰጠው አይጠይቅም። የተነፈገው የመወዳደር መብት ነው። ብዙ የሚስት ጀማሪ ኳርተርባክ በሁለተኛው ዓመት ወደ ልምምድ ተጠርቶ ስህተቱን እንዲያርም ይደረጋል፤ ቡድኑ ሌላ ሰው ቢያመጣ እንኳን ሁለቱን አወዳድሮ ይመርጣል። ዴንቨር በ1969 ከካናዳ ሊግ ፒት ሊስኬን አመጣ፤ ቴንሲም ነበር። ብሪስኮን ሦስተኛ አድርጎ ከሁለቱ ጋር አወዳድሮ ጥሎት ቢሆን ኖሮ ይህን ክር አልከፍትም ነበር። ያለ ብሪስኮ የተጫወተው ዴንቨርም አምስት አሸንፎ፣ ስምንት ተሸንፎ፣ አንዱን አቻ ወጣ።

9ኛ መልስ

የአውሮራው አባት ብሪስኮ ከቦታው መነሣቱን እንዴት እንዳወቀ ጠየቁ። መልሱ ሁልጊዜ ያንገበግበኛል። ከመጀመሪያ ዓመቱ በኋላ ብሪስኮ ዲግሪውን ለመጨረስ ወደ ኦማሃ ተመለሰ። እርሱ ትምህርት ላይ እያለ ዴንቨር ውስጥ የኳርተርባኮች ስብሰባ ይካሄድ ነበር። አሰልጣኙ አልጠሩትም፤ ወሬውን የሰማው ከዘመድ ነው። ወደ ዴንቨር ሄዶ ከስብሰባው ክፍል ውጭ ቆሞ ሲጠብቅ የወጡት ሰዎች ዐይኑን ማየት እንደ ከበዳቸው ራሱ በኋላ ተናግሯል። ከዚያ መልቀቂያውን ጠየቀ።

አንድ አሰልጣኝ ተጫዋቹን ጠርቶ በዚህና በዚህ ምክንያት አልፈለግሁህም ቢለው ያ ሥራው ነው። ምክንያት ያለው ሰው ምክንያቱን ይናገራል። ዝምታው ለእኔ ከማንኛውም ቁጥር በላይ ይመሰክራል።

ከ10ኛ እስከ 13ኛ መልስ

ከዋሽንግተን አካባቢ የጻፉ አንድ አዛውንት ወሬውን ወደ ጃንዋሪ 1988 ወሰዱት። በዚያ ዘመን ታክሲ ይነዱ ነበር፤ ጨዋታውንም የሰሙት በመኪናቸው ሬዲዮ ነው። የዋሽንግተኑ ዳግ ዊልያምስ በሱፐር ቦውል ቋሚ ሆኖ የተሰለፈ የመጀመሪያው ጥቁር ኳርተርባክ ነበር። በሁለተኛው ሩብ ብቻ አራት የተችዳውን ኳስ ወረወረ፤ 42 ለ 10 አሸነፉ፤ የጨዋታው ኮከብም ተባለ። የተሸነፈው ቡድን ማን እንደ ነበር አዛውንቱ በልዩ እርካታ ጻፉ፤ ዴንቨር ብሮንኮስ።

ይህን ያነበቡ የዴንቨር ደጋፊዎች ዝም አላሉም። አንዱ የዴንቨሩን ኳርተርባክ የጆን ኤልዌይን ሁለት ዋንጫዎች ቆጠረ። ሌላው ዋሽንግተን ከዚያ ወዲህ ምን አሳየች ብሎ ጠየቀ። አዛውንቱም በትዕግሥት መለሱ። እኔ በበኩሌ የእሳቸውን መልእክት ከጉዳዩ ውጭ አላየሁትም። በአንድ ከተማ በ1969 በር የተዘጋበት ሰው የጀመረውን ሥራ ሌላ ሰው ከ19 ዓመት በኋላ በዚያው ከተማ ቡድን ላይ ፈጸመው።

14ኛ መልስ

የአውሮራው አባት እስካሁን ያነበቡት አነሳስቷቸው ቤተ መጻሕፍት ገብተው ኖሮ አንድ ውብ ታሪክ ይዘው መጡ። በኖቬምበር 24 ቀን 1968 ዴንቨር ከቡፋሎ ጋር ተጫወተ። ብሪስኮ በዚያ ቀን 335 ያርድ ወርውሮ አራት ተችዳውን አስመዘገበ። ጨዋታው ሊያልቅ ሲል የቡድኑ ታዋቂ ሯጭ ፍሎይድ ሊትል ኳስ አመለጠው፤ ቡፋሎም በዚያ ምክንያት መሪነቱን ያዘ። ሴባን በንዴት ሊትልን ከሥራ አሰናበቱት፤ ወደ ቤትህ ሂድ አሉት። ሊትል መንገድ ጀምሮ ሐሳቡን ለወጠና ወደ ሜዳው ተመልሶ ገባ። ለብሪስኮም በተቻለው መጠን አርቆ እንዲወረውርለት ነገረው። ብሪስኮ ወረወረ፤ ሊትል ያዘው፤ ቦቢ ሃውፊልድ በእግሩ መትቶ ሦስት ነጥብ ጨመረና ዴንቨር 34 ለ 32 አሸነፈ። ሊትል በ2010 የሙያው የክብር አዳራሽ ገብቷል።

ይህ ታሪክ ብዙ ጊዜ የሚተረከው የሊትል ታሪክ ተብሎ ነው። ኳሷን ማን እንደ ወረወራት ግን ይዘለላል። የተባረረው ሯጭ ተመልሶ ወርውርልኝ ያለው ኳርተርባክ ጀማሪ ነበር፤ ሰዓቱ እያለቀ፣ አሰልጣኙ በቁጣ እየነደዱ፣ ተጨናንቆ እንኳን አልሳተም። መሪነት የለውም ለሚሉ ሰዎች ከዚህ ሌላ ምን ይቀርባል?

15ኛ መልስ

ኦማሃ ውስጥ የተማረ አንድ መሐንዲስ ስለ ከተማዋ አጭር ነገር ጻፈ። የቤዝቦሉ ቦብ ጊብሰንና የፉትቦሉ ጌል ሴየርስም ከዚያችው ከተማ የወጡ ናቸው። የብሪስኮ ሐውልት በ2016 በዩኒቨርሲቲው አካባቢ ቆሟል፤ በዚያው ዓመትም የኮሌጅ ፉትቦል የክብር አዳራሽ ተቀብሎታል።

16ኛ መልስ

አዲስ ሰው ገባና ቀለል ባለ ቋንቋ ከባድ ሐሳብ ጣለ። ብሪስኮ ከዴንቨር ወጥቶ በ1969 ቡፋሎ ሲገባ ኳስ ተቀባይ ሆነ። በ1970 በ57 ኳሶች 1,036 ያርድ አስገኘ፤ ስምንት ተችዳውን አስቆጠረ፤ ለኮከቦች ጨዋታም ተመረጠ። ቡፋሎም በ1972 ለማያሚ ሲለቀው የመጀመሪያ ዙር ምርጫ አገኘበት፤ በዚያ ምርጫም ጆ ዴላሚሉርን ወሰደ፤ እርሱም በኋላ የክብር አዳራሽ ገባ። ብሪስኮ በማያሚ በ1972 በ17 ጨዋታ 17 ጊዜ ያሸነፈው ቡድን አባል ሆነ፤ ለአሸናፊዎች የሚሰጠውን የሱፐር ቦውል ቀለበትም ሁለት ጊዜ አገኘ። እንግዲያው ይላል ጸሐፊው፣ ዴንቨር ሳያውቀው ውለታ አልዋለለትም ወይ? ኳርተርባክ ሆኖ ቢቀር ተረስቶ ይቀር ነበር።

17ኛ መልስ

ይህ ሐሳብ በጣም ስለሚያናድደኝ መልሴ ጠንከር ብሏል፤ አሁንም አላለዝበውም። ሰው ቤቱን ሲነጠቅ በሜዳ ላይ ጎጆ ቢሠራ፣ ጎጆውም ቢያምር፣ ነጣቂው አይመሰገንበትም። ብሪስኮ ከዚያ በፊት በሙያው ደረጃ ተቀባይ ሆኖ አያውቅም ነበር። በሁለተኛ ዓመቱ ከሊጉ ምርጦች አንዱ መሆኑ የሚያሳየው ስለ እርሱ ነው። ይልቁንም ክርክሩን ይገለብጠዋል። ያላደገበትን ሥራ ያን ያህል ፈጥኖ የተማረ ሰው፣ ከልጅነቱ ጀምሮ የሠራበትን ሥራ አንድ ተጨማሪ ዓመት ቢሰጠው ምን ያደርግ ነበር? ከመቶ 41.5 የሚለው ቁጥር የመጀመሪያው ዓመት ቁጥር ነው፤ ሁለተኛው እንዳይጻፍ ተደርጓል። ባልተጻፈ ቁጥር ማንንም መክሰስ አይቻልም።

18ኛ መልስ

የዋሽንግተኑ አዛውንት በዚህ ላይ ጨመሩ። ብሪስኮ ቡፋሎ ሲደርስ ጄምስ ሃሪስ የሚባል ሌላ ጥቁር ኳርተርባክ እዚያ አገኘ፤ ሁለቱም አንድ ክፍል ይጋሩ ነበር። ሃሪስ በ1969 የውድድር ዓመቱን በቋሚነት ጀመረ፤ በኋላም በሎስ አንጀለስ ራምስ ተጫውቶ ለኮከቦች ጨዋታ ተመረጠ፤ የጨዋታው ምርጥም ሆነ። አዛውንቱ የሚሉት ይህ ነው፤ አንዱ ምን እንደሚጠብቀው ሌላው ያውቅ ነበር፤ ብሪስኮ ያለፈበትን ለሃሪስ ሊነግረው ችሏል። እኔም በዚህ እስማማለሁ። ሜዳ ላይ ባይሆንም ሥራው አልተቋረጠም።

19ኛ መልስ

እዚህ ክሩ መረረ። አንድ ጸሐፊ ብሪስኮ ከጨዋታ ከወጣ በኋላ በሎስ አንጀለስ የኮኬይን ሱሰኛ እንደ ነበር፣ እንደ ታሰረ፣ በብድር መያዣ የሰጣቸው ሁለቱ ቀለበቶቹ እንደ ተሸጡበት አንስቶ፣ ለእንዲህ ያለ ሰው ይህን ሁሉ መጻፍ ለልጆቻችን ምን ያስተምራል ብሎ ጠየቀ። የቃላት አመራረጡ ጨካኝ ነበር፤ አልደግመውም።

20ኛ መልስ

በሱስ ሕክምና ቦታ የምትሠራ አንዲት እህት ረጋ ብላ መለሰችለት። ሱስ በሽታ እንደሆነ፣ ታማሚው በንቀት እንደማይድን አስረዳችው። ቀጥላም የተረሳውን ግማሽ አሟላች። ብሪስኮ ከሱሱ ተላቀቀ፤ ሎንግ ቢች ውስጥ የወንዶችና የሴቶች ልጆች ክበብ በመምራት ከሕፃናት ጋር ሠራ፤ በ2022 በ76 ዓመቱ እስኪያርፍ ድረስም ታሪኩን ሳይደብቅ ይናገር ነበር። ለልጆች የሚያስተምረው ይኸው መመለሱ ነው አለች። አሥራ ዘጠነኛው አልመለሰም። ብዙ ሰው አመስግኗታል፤ እኔም ከልቤ።

21ኛና 22ኛ መልስ

አንዱ በሹል አነጋገር ተነሣ፤ እኛ ኢትዮጵያውያን የ1968ን ዓመት ስናነሳ የሜክሲኮ ኦሊምፒክ እያለልን የአሜሪካ ኳስ ተጫዋች ምን ያደርግልናል አለ። በዚያ ኦክቶበር ማሞ ወልዴ ማራቶንን አሸንፏል፤ የአሥር ሺህ ሜትር ብርም አግኝቷል። አበበ ቢቂላ ጉዳት ደርሶበት ውድድሩን ሲያቋርጥ ወርቁ በኢትዮጵያ እጅ የቀረው በማሞ ነው። ስለ ማሞ ክር የከፈተ የለም፤ ስለ ብሪስኮ ግን ሃያ መልስ አለ።

ቀጣዩ ጸሐፊ በቁጣ ሳይሆን በቀን መቁጠሪያ መለሰለት። ብሪስኮ ለመጀመሪያ ጊዜ በቋሚነት የተሰለፈው በኦክቶበር 6 ነው። ቶሚ ስሚዝና ጆን ካርሎስ በሜክሲኮ መድረክ ላይ በጥቁር ጓንት የተሸፈነ እጃቸውን ያነሱት በ16ኛው ቀን ነው። ማሞ የገባው በ20ኛው ቀን ነው። ሁሉም በአንድ ወር ውስጥ ነው፤ አንዱን ማክበር ሌላውን አይቀንስም። ከዚያ ወሬው ለረጅም ጊዜ ወደ ማራቶን ሄደ፤ ስለ ሜክሲኮ ከተማ ከፍታ፣ ስለ አየሩ መሳሳት፣ ማሞ ለምን ይህን ያህል እንዳልተዘመረለት ተነጋገሩ። ስለ ማሞ የተነሣው ቅሬታ እውነት አለው፤ ራሱን የቻለ ክር ይገባዋል። ልጆቻችን ግን የሚያድጉት ይህ ጨዋታ በየትምህርት ቤቱ ሜዳ በሚጫወትበት አገር ነው፤ ታሪኩ የእነርሱም ነው።

23ኛ መልስ

የሁለተኛዋ መልስ ጸሐፊ ተመለሰች፤ እስካሁን ያልነገረችንን ነገረችን። ልጇ ባለፈው ዓመት በጀማሪዎች ቡድን ኳርተርባክ ነበር። ዘንድሮ አሰልጣኙ ፈጣን ስለሆነ ተቀባይ ይሁን ብለዋል። ልጁ እራት ላይ ዝም ብሎ ይቀመጣል። ክፉ ሐሳብ ይኑር ወይስ የእውነት የጨዋታ ውሳኔ መሆኑን ለይታ ማወቅ አልቻለችም፤ ይህን ክር በማንበቧም ልቧ ይበልጥ ተጨነቀ።

ከሁሉ ፈጥኖ የመለሰላት የሂሳብ ባለሙያው ነበር፤ የተሻለውን ምክርም የሰጠው እርሱ ነው። ሳትቆጪ፣ ሳትከሺ፣ ከልጅሽ ጋር ሆነሽ አሰልጣኙን ምክንያታቸውን ጠይቂ አላት። ሌሎቹ ልጆች በልምምድ ላይ ስንት ወርውረው ስንቱ እንደ ተያዘላቸው ይመዘገባል፤ የእርሱም ከእነርሱ ጋር ይቆጠር ዘንድ ጠይቂ። አሰልጣኙ በግልጽ ካስረዱሽ ልጅሽም ይረዳዋል፤ ማስረዳት እንቢ ካሉ ያኔ ሌላ ነገር ታስቢያለሽ። በስምንተኛው መልስ የተከራከርኩት ሰው ይህን ያህል ርኅራኄ ያለው መሆኑን በማየቴ ደስ ብሎኛል። ምክሩም ሳያስበው ከእኔ ክርክር ጋር አንድ ነው፤ ውሳኔው ሳይሆን የማወዳደሩ አለመኖር ነው ጥርጣሬ የሚያመጣው።

24ኛ መልስ

የሂሳብ ባለሙያው ከዚያ ወደ ዋናው ጉዳይ ተመለሰ። ብሪስኮ በ14 የተችዳውን ውርወራ ያስመዘገበው የዴንቨር የጀማሪዎች ክብረ ወሰን እስከ 2024 ድረስ አልተሰበረም፤ ቦ ኒክስ በ29 አለፈው። በመካከል 56 ዓመት አለ። ኤልዌይም በጀማሪነቱ አልደረሰበትም። ስለ ሴባን ልብ መፍረድ አሁንም አልፈልግም ይላል፤ ነገር ግን ቡድኑ እንዲህ ያለ ቁጥር ያስመዘገበን ጀማሪ ሳይሞክር መልቀቁ በጨዋታው ሚዛን ትርጉም እንደማይሰጥ ተቀብሏል። በቀረው ልዩነታችን እንጸናለን፤ እርሱ ውሳኔው ስህተት ነበር ይላል፣ እኔ በደል ነበር እላለሁ።

25ኛ መልስ

የመጨረሻው ጸሐፊ ወጣት ነው፤ ብዙ ስሞች ደረደረ። በ1974 ፒትስበርግን በስድስት ጨዋታ በቋሚነት መርቶ አራቱን አሸንፎ ቦታውን ያጣው ጆ ጊሊያም አለ። በ1978 ማንም ስላልመረጠው ካናዳ ሄዶ ከኤድመንተን ጋር አምስት ተከታታይ ዋንጫ የወሰደው፣ በ2006 የክብር አዳራሽ የገባው ዋረን ሙን አለ። ከሁሉ ያነሳሳኝ ግን ኤልድሪጅ ዲኪን መጥቀሱ ነው። ኦክላንድ ሬይደርስ በዚያው በ1968 ምልመላ፣ ብሪስኮ በ14ኛው ዙር በተመረጠበት፣ የቴነሲ ስቴቱን ዲኪን በመጀመሪያው ዙር ወሰደው፤ ኬን ስቴብለርን የመረጠው ከእርሱ በኋላ በሁለተኛው ዙር ነው። ስቴብለር ኳርተርባክ ሆኖ ቀረ፤ ዲኪ ወደ ተቀባይነት ተዛወረ። የሂሳብ ባለሙያው የሁለቱን የኮሌጅ ቁጥሮች ለማሰባሰብ ቃል ገብቷል፤ የዋሽንግተኑ አዛውንትም ስለ ቴነሲ ስቴት የሚያውቁትን ይጽፋሉ። በዲኪ ላይ የምንነጋገርበትን ክር እኔ እከፍታለሁ፤ ይህኛው እዚህ ላይ ተዘግቷል።